የነጋዴ አንደበትና የነጋዴ ዝምታ

ልጆች ሆይ፤ የሰው ገንዘብ መስረቅ ክፉ ሥራ መሆኑን ታውቃላችሁ። በሐሰተኛ ሚዛን መሸጥም ክፉ መሆኑን ማንም ሳያስተምራችሁ ታውቃላችሁ። እንዲህ ያለው ነገር ቀንና ሌሊት እንደሚለዩ የተለየ ስለ ሆነ ብዙ ምርምር አያሻውም። ነገር ግን በቀንና በሌሊት መካከል የማታ ድንግዝግዝታ እንዳለ ሁሉ፣ በንግድ ሥራም እውነት ነው ለማለት የማይደፈር፣ ሐሰት ነው ለማለትም የሚያስቸግር ነገር አለ። በዚህ ስፍራ ብዙ ደጋግ ሰዎች ተሰናክለዋል፤ የተሰናከሉትም ክፉ ለማድረግ አስበው ሳይሆን «ምን አለበት» ብለው ነው። ስለዚህ በዚህ ትምህርት ነጋዴ ምን መናገር እንደሚገባው፣ ምንስ ነገር ዝም ሊል እንደሚችል እንመረምራለን።

ለምርመራችንም መተማን እንመልከት። መተማ በምዕራብ ጎንደር ቆላ፣ ከሱዳን ጋር በምንዋሰንበት ዳር ያለች ከተማ ናት። ከጎንደር የተነሣ መንገደኛ በአዘዞ፣ በአይከልና በገንደ ውሃ አልፎ ይደርስባታል፤ ደጋውን እየለቀቀ በወረደ መጠን ሙቀቱ እየበረታበት ይሄዳል። ከማዶ ገላባት የምትባል የሱዳን ከተማ አለች። አፄ ዮሐንስ 4ኛ መጋቢት 1 ቀን 1881 ዓ.ም. ከደርቡሾች ጋር ሲዋጉ የቆሰሉትና በዚያው ቁስል ያረፉት በመተማ ስለ ሆነ፣ ብዙ ሰው ከተማዪቱን የሚያውቃት በጦርነቱ ነው። እርስዋ ግን ከጦርነቱ በፊትም ሆነ በኋላ የገበያ ከተማ ናት። የደጋው ቡናና ሰም ወደ ሱዳን፣ የባሕር ማዶውም ዕቃ ወደ ደጋው በእርስዋ በኩል ሲያልፍ ኖሯል። ቋንቋቸውም ሃይማኖታቸውም የተለያየ ሰዎች የሚገበያዩባት ስፍራ ስለ ሆነች፣ የነጋዴ ቃል ምን ያህል እንደሚከብድ ከእርስዋ ልንማር እንችላለን።

፩ ስለ ጠገራ ብር

ቀድሞ በመተማ ገበያ ሰዎች ይገበያዩበት ከነበረው ገንዘብ አንዱ ጠገራ ብር ነበረ። በዚህ ብር ላይ የኦስትርያ ንግሥት የማርያ ቴሬዛ መልክ ተቀርጾበታል፤ ክብደቱም 28 ግራም ያህል ነው። ንግሥቲቱ የሞተችው በፈረንጅ አቆጣጠር በ1780 ዓ.ም. ነው፤ በብሩም ላይ ይኸው 1780 የሚል ቁጥር አለበት። ሆኖም ንግሥቲቱ ከሞተች ከ150 ዓመት በኋላ እንኳ ብሩ በቪየና፣ ቀጥሎም በሮማ፣ በሎንዶንና በቦምቤይ ሲሠራ ቁጥሩ ዘወትር ያው 1780 ነበረ። ነጋዴዎች የለመዱትን መልክና ምልክት ካላዩ ብሩን አንቀበልም ይሉ ስለ ነበረ ነው። አዲሱ የኢትዮጵያ ብር በ1937 ዓ.ም. እስኪወጣ ድረስ ጠገራው በሀገራችን ገበያ ሲሠራበት ኖረ።

እንግዲህ እንጠይቅ። በ1928 ዓ.ም. በሎንዶን የተሠራ ብር «1780» የሚል ጽሕፈት ሲይዝ ይዋሻልን? ቁጥሩ ብሩ የተሠራበትን ዘመን አይናገርም፤ ነገር ግን በዚህ ምክንያት ገንዘቡ የጎደለበት ሰው የለም። ነጋዴው ቁጥሩን የሚመለከተው ብሩ የታመነው ዓይነት መሆኑን ለማወቅ ነው፤ የብሩን ዕድሜ ለመቁጠር አይደለም። የሚፈልገውም ነገር በክብደትም በጥራትም ሳይጎድል በእጁ ገብቶለታል።

አሁን ደግሞ ተቃራኒውን ነገር እናስብ። አንድ ሰው አፈር የተቀላቀለበትን ሰሊጥ በጆንያው ታች፣ ንጹሑን ሰሊጥ በጆንያው አፍ ላይ አድርጎ፣ ከዚያ በኋላ ጆንያውን ፈትቶ ለገዢው «እነሆ፣ በዓይንህ እይ» ቢለው ከአፉ የወጣ ሐሰት የለም። ገዢው በእርግጥ በዓይኑ አይቷል፤ ያየውም ሰሊጥ በእርግጥ ንጹሕ ነው። ቢሆንም ተታልሏል።

ከእነዚህ ከሁለቱ ነገሮች የምንማረው ይህ ነው፤ ሐሰት የሚለካው በአፍ በወጣው ቃል ብቻ አይደለም። ነጋዴው በቃሉ ወይም በሥራው በሌላው ሰው ልብ ውስጥ ምን እንዳስቀመጠ መመርመር ያሻል። እውነተኛ ቃል ይዞ ማታለል ይቻላልና።

፪ ስለ ሰሊጥና ስለ ዝናብ

በመተማ ቆላ ብዙ ሰው የሚኖረው በሰሊጥ ነው። ሰሊጥ በሰኔና በሐምሌ ይዘራል፤ ከመስከረም መጨረሻ ጀምሮም ይታጨዳል። ፍሬውን የያዘው ልባስ በደረቀ ጊዜ ይከፈትና ፍሬው መሬት ላይ ይፈሳል፤ ስለዚህ ገበሬው ልባሱ ሳይከፈት ያጭደዋል። የታጨደውም ታስሮ፣ ራሱን ወደ ላይ አድርጎ በክምር ይቆማል፤ የቆላ ሰዎች ይህን ክምር ሂላ ይሉታል። ሂላው በደረቀ ጊዜ ነዶውን ገልብጠው ያራግፉታል። ሂላው ቆሞ ሳለ ያለ ጊዜው ዝናብ ቢዘንብበት ግን የሰሊጡ ነጭነት ይበላሻል፤ ዋጋውም ይወርዳል።

አሁን አንድ ሽማግሌ ገበሬ እናስብ። 50 ኩንታል ሰሊጥ አለው። ከዚያ ውስጥ 10 ኩንታሉን ዝናብ ነክቶበት እንደ ገና አድርቆታል። ከደጋ ለአረምና ለአጨዳ ለወረዱት ሠራተኞች ገና ያልከፈለው ደመወዝ አለበት። አንድ ወጣት ነጋዴም ከጎንደር መጥቶ እንዲህ ይለዋል።

«አያ፣ ዘንድሮ ገንዘብ ቸግሮዎታል አሉ፤ እውነት ነውን?»

ሽማግሌውም፣ «ልጄ፣ እርሱን ለእኔ ተወው፤ ስለ ሰሊጡ ጠይቀኝ» ይለዋል።

ይህ መልስ መልካም መልስ ነው። ሽማግሌው ችግሩን ቢገልጥ ነጋዴው ዋጋውን ይሰብርበታልና ስለ ራሱ ዝም ማለቱ ኃጢአት አይደለም። ነጋዴውም ቢሆን በኪሱ ስንት ብር እንዳለ፣ እስከ ስንት ድረስ ለመክፈል እንዳሰበ የመናገር ግዴታ የለበትም። እያንዳንዱ ሰው የራሱን ምስጢር ይጠብቃል፤ ሁለቱም ይህን ዐውቀው ይከራከራሉ።

ቀጥሎም ነጋዴው፣ «መልካም ነው፤ እንግዲያስ ሰሊጡን ዝናብ ነክቶታል?» ብሎ ይጠይቃል። አሁን በሽማግሌው ፊት ሦስት መንገድ አለ።

መጀመሪያው «አልነካውም» ማለት ነው። ይህ ግልጥ ሐሰት ነው።

ሁለተኛው «ልጄ፣ በዚህ አገር በጥቅምት ዝናብ መቼ ታይቶ ያውቃል?» ማለት ነው። ይህ ጥያቄ ነው እንጂ መልስ አይደለም፤ ሐሰት የሚባል ቃልም የለበትም። ነገር ግን ነጋዴው ሰምቶ «እንግዲያውስ አልነካውም» ብሎ ያምናል። ሽማግሌው በአፉ ያልተናገረውን ሐሰት ነጋዴው በልቡ እንዲናገር አደረገው። ድንግዝግዝታ ያልነው ይህን ነው።

ሦስተኛው «10 ኩንታሉን ነክቶታል፤ አድርቄዋለሁ፤ ለብቻው ነው፤ መጥተህ እየው» ማለት ነው። ይህ እውነት ነው።

ልጆች ሆይ፤ ይህን ሦስተኛውን መልስ የሰጠ ሰው ሁሉ በዚያው ቀን ይጠቀማል ብለን አናታልላችሁም። ሽማግሌው 10 ኩንታሉን በርካሽ ይሸጣል፤ የሠራተኞቹንም ደመወዝ ለመክፈል ምናልባት አንድ በሬ መሸጥ ይኖርበት ይሆናል። እውነት አንዳንድ ጊዜ ዋጋ ታስከፍላለች። ነገር ግን ዋጋውን የሚከፍለው ዝናቡ የነካበት ባለ ሰሊጥ ነው ወይስ ምንም የማያውቀው እንግዳ? የራስን ጉዳት በዝምታ በሌላው ጫንቃ ላይ ማሻገር ቀላል ነው፤ ቀላል መሆኑ ግን ትክክል አያደርገውም።

እንግዲህ ከዚህ አንድ ደንብ እናገኛለን። ነጋዴ ስለ ራሱ ነገር ዝም ሊል ይችላል፤ ስለ ዕቃው ጉድለት ግን ዝም ሊል አይገባውም። ገዢው ገንዘቡን የሚሰጠው ለዕቃው ነውና፣ ዕቃው ምን እንደ ሆነ ማወቅ የእርሱ መብት ነው።

የሀገራችን ሕግም ዝምታን ሁልጊዜ ንጹሕ አድርጎ አይቆጥረውም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ በተዋዋዮች መካከል ልዩ መተማመን ባለበት ጊዜ፣ አንዱ ሐሰት መሆኑን የሚያውቀውን ነገር ሌላው እውነት ነው ብሎ እንዲያምን በዝምታው ቢያደርገው፣ ውሉ ሊፈርስ እንደሚችል ይናገራል። እንግዲህ ዝምታም እንደ ቃል የሚያስጠይቅበት ጊዜ አለ።

፫ ስለማይታይ ገዢ

ቀድሞ ሻጭና ገዢ ፊት ለፊት ይተያዩ ነበር። ገዢው እጁን በጆንያው ውስጥ እስከ ክንዱ አግብቶ ይመረምር ነበር፤ «ጠርጥር፣ ከገንፎም ይኖራል ስንጥር» የተባለው ምሳሌ የገበያ ሰው ምሳሌ ነው። ዛሬ ግን ገዢው ዕቃውን ሳያይ የሚገዛበት ጊዜ ብዙ ነው። በ2000 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ሥራውን የጀመረው የኢትዮጵያ ምርት ገበያ ለዚህ ምሳሌ ይሆነናል። ወደ ምርት ገበያው የሚቀርበው ሰሊጥ በመጋዘን ይመዘናል፤ ከእርሱም ናሙና ተወስዶ ንጽሕናው ይመረመራል፤ ደረጃም ይሰጠዋል፤ ባለ ሰሊጡም ደረሰኝ ይቀበላል። ገዢው የሚገዛው በዚያ ደረጃ አምኖ ነው። ከዚያም የኢትዮጵያ ሰሊጥ ባሕር ተሻግሮ ወደ ቻይና፣ ወደ እስራኤልና ወደ ሌሎችም አገሮች ይሄዳል። በመተማ ቆላ የታጨደውን ሰሊጥ መተማን በስም እንኳ የማያውቅ ሰው ይበላዋል።

እንግዲህ ሒሳብ እናስላ። በእያንዳንዱ ኩንታል ውስጥ 3 ኪሎ አፈር ቢኖር፣ በ50 ኩንታል ውስጥ 150 ኪሎ አፈር አለ። ይህም አንድ ኩንታል ተኩል ማለት ነው። «ጥቂት አፈር ምን አለበት» የሚል ሰው አንድ ኩንታል ተኩል አፈር በሰሊጥ ዋጋ ሸጠ ማለት ነው።

ፊት ለፊት የሚሸጥ ሰው «ገዢው ዓይን አለው፤ ለምን አልመረመረም?» ብሎ ያመካኝ ይሆናል። ገዢው ሊያይ በማይችልበት ስፍራ ግን ይህ ምክንያት ፈጽሞ አይሠራም። ናሙና የሚያወጣው ሰው፣ ሚዛን የሚያነበው ሰው፣ ደረጃ የሚጽፈው ሰው የማይታየው ገዢ ዓይን ነው። የሌላውን ሰው ዓይን በአደራ የተቀበለ ሰው ደግሞ ለወዳጁም ለዘመዱም ብሎ ሊያጨልመው አይገባውም። «አደራ ጥብቅ፣ ሰማይ ሩቅ» ይባላልና።

ደብዳቤ የሚጽፍ ነጋዴም እንዲሁ ነው። በጎንደር ላለው ደንበኛው «50 ኩንታል ሰሊጥ ልኬልሃለሁ፤ በጠቅላላው መልካም ነው» ብሎ ቢጽፍ፣ «በጠቅላላው» የምትለው ቃል ከበስተኋላዋ 10 ኩንታል ትሸሽጋለች። ግልጥ ደብዳቤ ግን እንዲህ ይላል፤ «50 ኩንታል ሰሊጥ ልኬልሃለሁ። 40 ኩንታሉ ንጹሕ ነው። 10 ኩንታሉን ዝናብ ነክቶታል፤ ጆንያዎቹን በቀይ ክር አስሬአቸዋለሁ። የእነዚህን ዋጋ አይተህ ቍረጥ፤ ባትፈልጋቸው መልሰህ ላክልኝ።» ከዚህ ደብዳቤ በኋላ በሁለቱ መካከል የሚያጣላ ነገር የለም። ስትጽፉ «በጠቅላላው»፣ «ያን ያህል»፣ «እንደ ነገሩ» የሚሉ ቃላት ከብዕራችሁ ሲወጡ ቆም በሉና ከበስተኋላቸው ምን እንደ ሸሸጉ ራሳችሁን ጠይቁ።

፬ ስለ ዋጋ ወሬ

እስከ አሁን ያየነው ስለ ዕቃው ጉድለት ነው። አሁን ግን ሊቃውንት እንኳ የተከራከሩበትን ጥያቄ እንይ።

ሲሴሮ የሚባል የሮማ ሰው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ44 ዓመት በጻፈው መጽሐፍ እንዲህ ያለ ነገር ለምርመራ አቅርቧል። በሮድስ ደሴት ረኃብ ሆኖ እህል እጅግ ተወደደ። አንድ ነጋዴ ከእስክንድርያ እህል በመርከብ ጭኖ ደረሰ። ነጋዴው በመንገድ ሳለ ሌሎች ብዙ መርከቦች እህል ጭነው ወደ ሮድስ ሲመጡ አይቷል። የሮድስ ሰዎች ግን ይህን አያውቁም። ነጋዴው ወሬውን ቢነግራቸው ዋጋው ይወርዳል፤ ዝም ቢል ግን በውድ ይሸጣል። የእርሱ እህል ምንም ጉድለት የለበትም። ታዲያ መናገር ይገባዋልን?

ዲዮጋንስ የተባለው ፈላስፋ፣ ሻጭ ሕጉ የሚያዝዘውን የዕቃውን ጉድለት ይናገር፤ ከዚያ የቀረውን ዝም ቢል አታለለ አይባልም ብሎ ፈረደ። ደቀ መዝሙሩ አንቲጳጥሮስ ግን፣ ሻጩ የሚያውቀውን ሁሉ ገዢውም ሊያውቀው ይገባል ብሎ ተቃወመው። ሲሴሮም ሁለቱን ሰምቶ፣ ነጋዴው ለራሱ ጥቅም ሲል ሊሰውር አይገባውም ነበር ብሎ ፈረደ።

ይህ ጥያቄ በሰሊጥ ገበያም አለ። ነጋዴው ዋጋ መውጣቱን በስልክ ሰምቷል፤ በሩቅ እርሻ ያለው ገበሬ ግን አልሰማም። ዝም ብሎ ይግዛን? ለዚህ አንድ ቃል ብቻ መልስ ማግኘት ያስቸግራል፤ ሰዎቹ እንዴት እንደ ተገናኙ ማየት ያስፈልጋል።

ሁለት ነጋዴዎች ቢገናኙ፣ ሁለቱም ወሬ የሚጠይቁ፣ ሁለቱም ስልክ ያላቸው ቢሆኑ፣ አንዱ ተግቶ የሰማውን ወሬ ለሌላው የመንገር ግዴታ የለበትም። ሌላው «የዛሬው ዋጋ ስንት ነው?» ብሎ ቢጠይቀው ግን የትናንቱን ዋጋ እንደ ዛሬው አድርጎ ሊነግረው አይገባውም። «ወንድሜ፣ እርሱን እኔን አትጠይቀኝ፤ አንተው አጣራ» ይበለው። እንዲህ ቢለው ዝም አለ እንጂ አላታለለም።

ነገር ግን በየዓመቱ ሰሊጣቸውን ለእርሱ ብቻ የሚሸጡ አሮጊት ቢመጡና «ልጄ፣ እኔ ምን ዐውቃለሁ፤ አንተ ያልከኝን እቀበላለሁ» ቢሉትስ? በዚህ ጊዜ ነጋዴው ገዢ ብቻ አይደለም፤ የአሮጊቲቱን ገንዘብ በአደራ የያዘ ሰው ሆኗል። ስለዚህ «እማማ፣ ዛሬ ጠዋት ዋጋው ወጥቷል፤ በትናንቱ ዋጋ አይሽጡ» ሊላቸው ይገባል። የታመነ ሰው ዝምታ ከባዕድ ሰው ዝምታ ይከብዳል። ሰው ይበልጥ ባመነህ መጠን ዝም የምትልበት ስፍራ ይጠብባል።

፭ ስለ ተቸገረ ገዢ

በሚያዝያ ወር 2015 ዓ.ም. በሱዳን ጦርነት ተነሣ። ከካርቱምና ከሌሎችም ስፍራዎች የሸሹ ብዙ ሺህ ሰዎች፣ ሱዳናውያንም ኢትዮጵያውያንም የሌላ አገር ሰዎችም፣ በገላባት አድርገው ወደ መተማ ተሻገሩ። ሚያዝያ በዚያ ቆላ ሙቀቱ የሚበረታበት ወር ነው። እንዲህ ባለ ጊዜ ውሃ የሚሸጥ ሰው እናስብ። ቀድሞ በ10 ብር የገዛውን ውሃ በ15 ብር ይሸጥ ነበር። አሁን መንገዱ ስለ ተጨናነቀ ለእርሱም 20 ብር ያወጣበታል። በ25 ብር ቢሸጥ ያደላ አይባልም፤ ትርፉ ያው 5 ብር ነውና። መንገዱ ስላስፈራው በ30 ብር ቢሸጥም ምክንያቱን ሊናገር ይችላል። ገዢው ሌላ ስፍራ ስለ ሌለው ብቻ በ100 ብር ቢሸጥ ግን የተጨመረው ዋጋ የውሃው ዋጋ አይደለም፤ የሰውየው ጥማት ዋጋ ነው።

በየትኛው ብር ላይ ቅን ትርፍ አልቆ ግፍ እንደሚጀምር በቁጥር መወሰን ያስቸግራል። ስለዚህ ነጋዴው ራሱን ይጠይቅ፤ «ዋጋውን ለምን እንደ ጨመርሁ ለዚህ ለተጠማው ሰው ፊት ለፊት ልነግረው እችላለሁን?» «ማመላለሻው ተወድዶብኝ ነው» ብሎ ሳያፍር መናገር ከቻለ ዋጋው ቅን ነው። ሊናገረው የሚያሳፍረው ምክንያት ከሆነ ግን ዋጋውን ይቀንስ። ዋጋውን ቢቀንስ አንድ ባለ ገንዘብ ሁሉን ገዝቶ ይሄዳል ብሎ የሚሰጋ እንደ ሆነ ለእያንዳንዱ ሰው በልክ በልክ ይሽጥለት።

፮ «ልማድ ነው» ስለ ማለት

በድንግዝግዝታው ስፍራ ሰው ከሁሉ ይልቅ የሚደገፍባት ምርኵዝ «ልማድ ነው፤ ሁሉም ያደርገዋል» የምትለው ቃል ናት። የመተማ ታሪክ ይህችን ምርኵዝ እንዳናምናት ያስተምረናል።

በ19ኛው መቶ ዓመት በመተማ ገበያ ከቡናና ከሰም ጋር ሰዎችም ይሸጡ ነበር። የሰው ልጅ እንደ ከብት ጥርሱና ጕልበቱ እየታየ ዋጋ ይቈረጥለት ነበር። ይህ በሌሊት በስውር የሚደረግ ነገር አልነበረም፤ በቀን፣ በገበያ መካከል ይደረግ ነበር። ከእነዚያ ነጋዴዎች አንዳንዱ በሚዛኑ የታመነ፣ ብድሩን በቀኑ የሚመልስ፣ ቃሉን የማያጥፍ ሰው ነበር ይሆናል። «ይህ ምንድር ነው?» ቢሉት ግን «የገበያው ልማድ ነው» ብሎ ይመልስ ነበር። በ1916 ዓ.ም. ባሮች ቀስ በቀስ ነጻ የሚወጡበት ሕግ በኢትዮጵያ ወጣ፤ በ1934 ዓ.ም. በወጣው ዐዋጅ ደግሞ ባርነት ፈጽሞ ቀረ። ዛሬ ያን ገበያ ያስታወሰ ሁሉ ያዝናል።

እንግዲህ ልማድ ብዙ ጊዜ ጠቃሚ ነው፤ ጠገራውን ብር ያስከበረው ልማድ ነው። ነገር ግን ልማድ ዳኛ አይደለም። አንድን ልማድ ስትመረምሩ በልማዱ የሚጠቀሙትን ብቻ አትጠይቁ፤ የሚጐዳውን ሰው ጠይቁ። ገበያ ለተሸጠው ሰው «ልማዱ መልካም ነውን?» ብሎ የጠየቀው አልነበረም።

፯ ማጠቃለያ

ልጆች ሆይ፤ አድጋችሁ በሱቅ፣ በመጋዘን፣ በእርሻ ወይም በጽሕፈት ቤት ስትሠሩ እውነትና ሐሰት በግልጥ የማይለዩበት ነገር ያጋጥማችኋል። በዚያን ጊዜ እነዚህን አራት ጥያቄዎች ራሳችሁን ጠይቁ።

መጀመሪያ፤ ዝም ያልሁት ነገር የራሴ ምስጢር ነው ወይስ የዕቃው ጉድለት?

ሁለተኛ፤ ከንግግሬ በኋላ ይህ ሰው በልቡ የሚያምነው ነገር እውነት ነውን?

ሦስተኛ፤ ይህ ሰው ራሱን ሊጠብቅ ይችላል ወይስ እኔን አምኖ ነው የመጣው?

አራተኛ፤ ያደረግሁትን ነገርና ያደረግሁበትን ምክንያት ለእርሱ ፊት ለፊት ልነግረው እችላለሁን?

እነዚህ ጥያቄዎች ድንግዝግዝታውን ሁሉ አያጠፉትም። ቢሆንም በእጁ ፋኖስ የያዘ ሰው ሌሊቱን ቀን ባያደርገውም እግሩን የሚያሳርፍበትን ስፍራ ያያል። «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» ይባላል፤ እስኪጠራ ድረስ ግን መጠየቅን አትተዉ።

ጥያቄዎች

1. በ1928 ዓ.ም. የተሠራው ጠገራ ብር 1780 የሚል ቁጥር ሳለበት ማንንም ያላታለለው ስለ ምንድር ነው?

2. ሽማግሌው ስለ ገንዘብ ችግሩ ዝም ማለቱና ስለ ዝናቡ ዝም ማለቱ ልዩነታቸው ምንድር ነው?

3. በእያንዳንዱ ኩንታል ውስጥ 2 ኪሎ አፈር ቢኖር በ80 ኩንታል ውስጥ ስንት ኪሎ አፈር ይኖራል?

4. ዲዮጋንስና አንቲጳጥሮስ ስለ ሮድሱ ነጋዴ ምን ብለው ፈረዱ? አንተስ ብትሆን እንዴት ትፈርዳለህ?

5. አንድ ነጋዴ ሰሊጡ ከመመርመሩ በፊት ለመርማሪው አንድ ኪሎ ቡና ይዞለት መጣ፤ «ለወዳጅነት ነው እንጂ ምንም አልጠይቅህም» አለው። መርማሪው ቡናውን ይቀበልን? ከአራቱ ጥያቄዎች በየትኛው ትመረምረዋለህ?

6. እግሩ የታመመ በቅሎ ለመሸጥ ለምትፈልግ እህትህ፣ ገዢውን ሳታታልል፣ ዋጋዋንም ያለ ምክንያት ሳትሰብር የምትናገረውን ቃል ጽፈህ አሳይ።